ልጁ «ለሳምንቱ አንሷል» ተባልኩ፣ ምን ማለት ነው?

የኮዬዋ (እሑድ ማታ)

ሰላም ለሁላችሁ። እናቶችም፣ የጤና ባለሙያዎችም፣ የሚያውቅ ሰው ይምከረኝ። የመጀመሪያ እርግዝናዬ ነው። ዕድሜዬ 27። የምኖረው ኮዬ ፈጬ ኮንዶሚኒየም ነው። ከረዘመ ይቅርታ፣ ከአርብ ጀምሮ እንቅልፍ የሚባል ነገር የለኝም።

አርብ ለክትትል ጤና ጣቢያ ሄድኩ። ሲስተሯ ሆዴን በሜትር ለካችና ዝም አለች። ደግማ ለካች። 29 ሴንቲ ነው። ከዚያ «አልትራሳውንድ ተነስተሽ ነይ» ብላ ጻፈችልኝ። እዚያ ያለው ማሽን ተበላሽቷል፣ ስለዚህ በዚያ ዝናብና ጭቃ ሁለት ታክሲ ይዤ ወደ ግል ክሊኒክ። ያነሳኝ ሰው ማሽኑን ሆዴ ላይ ወዲያ ወዲህ አደረገና «በካርድሽ 33 ሳምንት ሊሞላሽ ነው፣ ልጁ ግን የ30 ሳምንት ነው የሚመስለው፣ ወደ 1500 ግራም፣ አንሷል» አለኝ። ምን ማለት ነው ስለው «የምትከታተልሽ ታስረዳሻለች» ብሎ ቀጣይዋን ጠራ። ወረቀቱ ላይ «ከ3ኛ ፐርሰንታይል በታች» ይላል። ጤና ጣቢያ ስመለስ ሰዓቱ አልፎ ሲስተሯ ሄዳለች።

ቤት ስገባ ደሞ ሌላ ጉድ። አማቴ «ፍልሰታን ካልጾምኩ ብለሽ ልጁን አስራብሽው» አሉኝ። እኔ የጾምኩት የመጀመሪያዋን ሳምንት ብቻ ነው፣ እሱንም እስከ ስድስት ሰዓት። የንስሐ አባቴ እንዲያውም ተዪው ብለውኝ ነበር። ጎረቤቴ በበኩሏ «እሰይ፣ ትንሽ ልጅ ምጥ ይቀላል» ትላለች። ባለቤቴ ተምር፣ አቮካዶና ሽፈራው ተሸክሞ መጣ፣ ምን ያድርግ እሱም።

እኔ ባለመብላቴ ነው? አሁን ብበላ ይደርስልኛል? ከሁሉ በላይ እንቅልፍ የነሳኝ ግን አእምሮው ነው። ታክሲ ውስጥ አጠገቤ የተቀመጠች ሴትዮ ወረቀቱን አይታ «እንዲህ ሆነው የሚወለዱ ልጆች ትምህርት አይገባቸውም» አለችኝ። ማን ጠየቃት! ግን ከጆሮዬ አልወጣ አለ።

ግፊቴ 110/70 ነው። ደሜ 10.4። ልጁ ይንቀሳቀሳል።


የአራት ልጆች እናት፣ ለገጣፎ

አይዞሽ የኔ ልጅ። እኔ አራት ወልጃለሁ፣ ሁለተኛዋ ጫጩት ነበር የምታክለው፣ ዛሬ ባንክ ትሠራለች። ይሄ አልትራሳውንድ የሚሉት ሰው ማስጨነቅ ነው። ተልባ ጠጪ፣ አጥሚት ጠጪ፣ ከአልጋ አትውረጂ፣ ሥራውን ሌላ ሰው ይሥራው። ወተትና አቮካዶ ግን ተዪ፣ ነጭ ነገር ልጁ ገላ ላይ ይለጠፋል። ቡናሽን ጠጪ፣ ጉልበት ይሆንሻል። ማርያም በሽልም ታውጣሽ።


የሰበታ ሾፌር

እህቴ፣ እኔ ራሴ ባለሰባት ወር ነኝ፣ ሲነግሩኝ በጥጥ ጠቅልለው ነው ያሳደጉኝ። አሁን 1.85 ነኝ፣ ተሳቢ እነዳለሁ። አትጨነቂ።


ሚድዋይፍ ከገላን

እማማ፣ ለምርቃትዎ እኔም አሜን ብያለሁ። ሁለት ሦስት ነገር ላይ ግን አልስማማም፣ እመለስበታለሁ።

የኮዬዋ፣ ሚድዋይፍ ነኝ። በዓይኔ ያላየሁትን ሰው አላክምም፣ ስለዚህ ይሄን የምጽፈው ነገ ሲስተርሽን ምን እንደምትጠይቂ እንድታውቂ ነው።

መጀመሪያ ቀኑ። የመጨረሻ የወር አበባሽ መቼ ነበር፣ ማን ጻፈው፣ በየትኛው አቆጣጠር? እኛ ካርድ ላይ በኢትዮጵያ እንጽፋለን፣ ማሽኑ የሚያውቀው የፈረንጁን ነው። ሰው በችኮላ መስከረም 5ን ሴፕቴምበር 5 ብሎ ሲያሰላ አይቻለሁ። መስከረም 5 ሴፕቴምበር 15 ነው። አሥር ቀን ሙሉ ልጁ ወረቀት ላይ አረጀ፣ ሆድ ውስጥ ግን አላረጀም። ከዚያ «አንሷል» ይባላል። ደሞ በዚህ ጊዜ ላይ የልጁን ልክ አይቶ ዕድሜውን ማወቅ አይቻልም። ያነሰ ልጅና ገና ሳምንቱ ያልደረሰ ልጅ ስክሪን ላይ አንድ ናቸው። ዕድሜን በደንብ የሚነግርሽ ቀደም ብሎ የተነሳ አልትራሳውንድ ነው፣ ከ24 ሳምንት በፊት አንዴ ተነሱ እያልን የምንጨቀጭቃችሁም ለዚህ ነው። በፊት የተነሳሽው ካለ ወረቀቱን ቤት ገልብጠሽም ቢሆን ፈልጊው።

ቀኑ ትክክል ከሆነስ? ፐርሰንታይል የሚሉት ቀላል ነገር ነው። እኩል ሳምንት ያላቸው መቶ ልጆች በክብደት አሰልፊ። ከታች አሥሩ ውስጥ የገባው ለሳምንቱ አንሷል ይባላል። ከታች ሦስቱ ውስጥ ከሆነ ጠበቅ ያለ ክትትል ያስፈልገዋል። ከአሥሩ ውስጥ ግን ብዙዎቹ ጤነኛ ናቸው፣ እናትና አባታቸውም ትንንሽ ስለሆኑ ነው። የሚያስጨንቀን ሌላኛው ነው፣ ትልቅ መሆን ሲገባው እንግዴ ልጁ በቂ ምግብና ኦክስጅን ስላላሳለፈለት የቀረው። እነዚህን ሁለቱን በአንድ ቀን ልኬት መለየት ይከብዳል። ከሁለት ሳምንት በኋላ ድጋሚ ተለክቶ ጨምሯል ወይስ ባለበት ቆሟል የሚለው ነው ቁም ነገሩ።

ሁለተኛ፣ «ዶፕለር ይታይልኝ» በይ። ያው አልትራሳውንድ ነው፣ ግን በእትብቱ ውስጥ ደሙ እንዴት እንደሚሄድ ያሳያል። በአንዱ የልብ ምትና በሚቀጥለው መሃል ደሙ ወደ ፊት መፍሰሱን መቀጠል አለበት። በመሃል ቀጥ ካለ፣ ይባስ ብሎ ወደ ኋላ ከተመለሰ፣ ያኔ ነገሩ ሌላ ነው፣ ሆስፒታል ትተኛለሽ፣ ለሳንባው መርፌ ትወጊያለሽ፣ ቀድሞ ስለማዋለድ ይወራል። የሽርት ውሃውንም ይዩልሽ። የጭንቅላቱን ልክ ከሆዱ ጋር ያስተያዩልሽ፣ ምክንያቱም ምግብ ያጠረው ልጅ ደሙን ለአንጎሉ ያደላል፣ ሆዱ ይቀጥናል ጭንቅላቱ ግን ልኩን ይጠብቃል። እግዜር ሲሠራው እንዲህ ነው።

አሁን ወደ ጥፋተኝነቱ። ሰባት ቀን እስከ ስድስት ሰዓት በመጾም ልጅ እንዲህ አያንስም፣ ለአማትሽ ንገሪልኝ። ለወራት የተራበች እናት ጋ ምግብ ትልቅ ምክንያት ነው፣ አሌ አይባልም። ግን በብዛት ችግሩ ከእንግዴ ልጁ ነው የሚነሳው። ከኋላው የደም ግፊት ሊኖር ይችላል፣ ኩላሊት፣ ወባ፣ ቂጥኝ፣ መንታ መሆን፣ ሲጋራ፣ መጠጥ፣ ጫት። የከሰልና የእንጨት ጭስም አለበት፣ ኮንዶሚኒየም ውስጥ በር ዘግቶ ከሰል ማያያዝ የሚባለውን ነገር ተዉት በእናታችሁ። አንዳንዴም ምክንያቱ ሳይገኝ ይቀራል።

ከፍታውም አለ። አዲስ አበባና ዙሪያዋ ከባሕር ጠለል በላይ ከ2000 ሜትር በላይ ናቸው። በየ1000 ሜትሩ የሚወለድ ልጅ ክብደት በአማካይ ወደ 100 ግራም ይቀንሳል። ብዙ ማሽን ላይ የተጫነው ሠንጠረዥ ግን አሜሪካ ሂዩስተን ውስጥ የተሠራ ነው፣ ከተማዋ ባሕር አጠገብ ነው ያለችው። ይሄን ሰበብ አድርጋችሁ ከክትትል እንዳትቀሩ ብቻ።

ደምሽ 10.4 ነው ብለሻል። ነፍሰ ጡር ከ11 በታች ከሆነች ደም አንሷታል ይባላል፣ እንደኛ ባለ ከፍታ ላይ ደግሞ መለኪያው ከዚያም ከፍ ይላል። አይረኑን ትውጪዋለሽ? ሆዴን አሳረረኝ እያሉ መሳቢያ ውስጥ የሚያጠራቅሙ ሞልተዋል። ካመመሽ ማታ ስትተኚ ውሰጂው። ከቡናና ከሻይ ይራቅ፣ አብሮ ከተወሰደ ገላ ውስጥ በደንብ አይገባም። እማማ፣ ቡናው ላይ ልከራከርዎት የምፈልገው እዚህ ጋ ነው፣ አቦልን ጠጥታ ቶናና በረካን ለእርስዎ ትተውልዎት። ካፌይን በቀን ከ300 ሚሊግራም በላይ የምትወስድ ነፍሰ ጡር እንድትቀንስ የዓለም ጤና ድርጅትም ይመክራል፣ ልጅ አንሶ ከመወለድ ጋር ስለሚያያዝ። ወተቱን ትጠጣ። ልጅ ሲወለድ ገላው ላይ የሚታየው ነጭ ቅባት የራሱ ቆዳ የሚሠራው ነው፣ ከወተት አይመጣም። አልጋ ላይ መዋል ደግሞ ልጁን አያሳድገውም፣ የእግር ደም ሊያረጋባት ይችላል እንጂ። ቀለል ያለ ሥራ ትሥራ፣ ከባድ አትሸከም።

ምግብ ብላ ልጁን በሁለት ሳምንት ማወፈር አይቻልም። እንቁላል፣ ምስር፣ ሽሮ፣ ጎመን፣ ሥጋ ከተገኘ ሥጋ፣ በቀን አንድ ጊዜ ጨምሮ መብላት ደህና ነው። ችግሩ እንግዴ ልጁ ላይ ከሆነ ግን መድኃኒት የለውም። ያለው ነገር መከታተልና የሚወጣበትን ቀን መምረጥ ነው።

የመጨረሻ። የሚንቀሳቀሰውን ቁጠሪ። ከምግብ በኋላ በግራ ጎንሽ ጋደም ብለሽ፣ በሁለት ሰዓት ውስጥ አሥር ጊዜ ካልተንቀሳቀሰ፣ ወይ ከልማዱ ጭር ካለብሽ፣ ሌሊትም ቢሆን በላዳ ሂጂ፣ እስኪነጋ ብለሽ አትጠብቂ። ኃይለኛ ራስ ምታት፣ ዓይን ብዥ ማለት፣ ከጨጓራ አካባቢ ሕመም፣ የፊት ማበጥ ከመጣም እንደዚያው። ግፊት አርብ 110 ስለነበር እሑድም 110 ነው ማለት አይደለም።


ባለ 1700 ግራሟ፣ ቱሉ ዲምቱ

ጎረቤት ነን እኮ። የሰበታው ወንድሜ፣ ቁመትህን ያርዝመው፣ ግን አንተ ቀድመህ ነው የተወለድከው፣ እሷ የጠየቀችው ሆድ ውስጥ ስላላደገ ልጅ ነው፣ ይለያያል። ደሞ «እኔን እዩኝ» የሚለው የተረፈው ሰው ነው። ያልተረፉት እዚህ ገብተው አይጽፉም። ላስፈራት ብዬ አይደለም፣ አትጨነቂ ብሎ ማሰናበቱ ግን እኔን ያኔ በጣም ጎድቶኛል፣ ሁለት ሳምንት ዝም ብዬ ቤቴ የተቀመጥኩት ሰው ሁሉ አትጨነቂ ስላለኝ ነው።

የኔ ታሪክ ግፊት ነው። በ34 ሳምንት እግሬ አበጠ፣ ጫማ አልገባ አለኝ፣ እርጉዝ ነኛ ብዬ ተውኩት። በ36 ሳምንት ስሄድ ግፊቴ 160/110፣ ልጄ ደግሞ ካለችበት ፈቀቅ አላለችም። የሄድኩበት ሆስፒታል ሁለት ቀን ማንም ምንም ሳይነግረኝ ኮሪደር ላይ አቆየኝ፣ በሦስተኛው ቀን በኦፕራሲዮን ወለድኩ። 1700 ግራም። ስታዩዋት ትንሽ አሮጊት ነው የምትመስለው፣ ቆዳዋ ሰፍቷት፣ ግንባሯ ተሸብሽቦ፣ ዓይኗ ብቻ ጎላ ጎላ ብሎ። ደንግጬ ሳልስማት ቀረሁ፣ እስካሁን ይቆጨኛል።

ስኳሯ ወረደ ብለው ወሰዷት። ጡት የመሳብ ጉልበት አልነበራትም፣ ወተቴን እያለብኩ በትንሽ ኩባያ ነበር የምንሰጣት፣ ድመት ስትጠጣ አይታችኋል አይደል፣ እንደዚያ። ከዚያ ካንጋሮ አስጀመሩኝ። ራቁቷን፣ ዳይፐርና ኮፍያ ብቻ አድርጋ፣ ደረቴ ላይ በነጠላ ታስራ። እኔ ሽንት ቤት ስሄድ አባቷ ሸሚዙን ከፍቶ ይቀበላል። መጀመሪያ አፍሮ ነበር፣ በኋላ አልሰጥም ማለት ጀመረ። 11 ቀን እዚያ፣ ከዚያ ቤት ገብተን ሁለት ኪሎ ተኩል እስክትሞላ ድረስ። ሽሮ ሳማስል ደረቴ ላይ ነበረች ብላችሁ እመኑኝ።

እናቴ ቅቤ ልታውጣት ብላ የቀለጠ ቅቤ ይዛ መጣች። ከእናቴ ጋር ለሦስት ቀን ተኳርፈናል።

አሁን አምስት ዓመት ሊሞላት ነው። በ14 ወሯ ሄደች። ንግግር ግን ዘገየች፣ ሁለት ዓመቷ ላይ ስድስት ቃል ቢኖራት ነው። ጆሮዋን አስመረመርን፣ ደህና ነው። «አውሯት፣ ስልክ አትስጧት» አሉን። ሦስት ዓመቷ ላይ አፏ ተከፈተ፣ ይኸው እስከ ዛሬ አልዘጋችውም። ቁመቷ ከእኩዮቿ ትንሽ ያንሳል። ኬጂ አስተማሪዋ አንድ ቦታ አትቀመጥም ትለኛለች። ይሄ በማነሷ የመጣ ነው? እንጃ። ወንድሟ 3.4 ኪሎ ሆኖ ተወልዶ ከሷ ይብሳል።


ጨቅላ ክፍል

የሕፃናት ነርስ ነኝ፣ ጨቅላ ሕፃናት ክፍል ነው የምሠራው። ስለ አእምሮው የጠየቅሽው ስላልተመለሰ እሱ ላይ ልቆይ።

የታክሲዋ ሴትዮ የተናገረችው ውሸት ብቻ ቢሆን ደስ ባለኝ። ሆድ ውስጥ እድገታቸው የተገታ ልጆች ተሰብስበው ሲታዩ በአማካይ በንግግር፣ ትኩረት በመሰብሰብና በትምህርት ከሌሎቹ ትንሽ ዝቅ ይላሉ። ግን አማካይ የአንቺን ልጅ አያውቀውም። ልዩነቱን የሚያሰፉት ነገሮች ይታወቃሉ። አንደኛው የሚወለድበት ሳምንት ነው። ችግሩ ከ32 ሳምንት በፊት ጀምሮ፣ ደሙ በእትብቱ መሄድ ከብዶት፣ በ29 በ30 ሳምንት መውጣት የግድ የሆነበት ልጅ ሁለት ሸክም አለበት፣ ማነሱም ያለጊዜው መወለዱም። እነዚህን ነው እኛ ዓመት ሁለት ዓመት የምንከታተላቸው። 37 እና 38 ሳምንት ደርሶ፣ አንሶ ግን ጠንክሮ የሚወለድ ልጅ ታሪኩ በጣም የተለየ ነው። ሁለተኛው ጭንቅላቱ ነው። ሚድዋይፏ እንዳለችው አንጎሉን ጠብቆ የቆየ ልጅና ጭንቅላቱም አብሮ የቀረ ልጅ አንድ አይደሉም። ከተወለደ በኋላም ክብደቱን ብቻ እያያችሁ አትሂዱ፣ የጭንቅላቱ ዙሪያም በሜትር ይለካ በሉ። እኛ ጋ ሰልፉ ሲበዛ ቶሎ የሚዘለለው እሱ ነው፣ እውነቱን ለመናገር።

ሦስተኛው የመጀመሪያዎቹ ቀናት ናቸው፣ ብዙ ሰው የማያውቀው። ትንሽ ልጅ ስብ የለውም፣ ስለዚህ ቶሎ ይበርደዋል። ጉበቱ ውስጥ ያጠራቀመው ስኳርም የለውም፣ ስለዚህ ስኳሩ ይወርዳል። ስኳር በጣም ወርዶ ብዙ ከቆየ አንጎልን ይጎዳል። ይሄ ደግሞ በእጃችን ያለ ነገር ነው። በአንድ ሰዓት ውስጥ ጡት ይያዝ፣ ካልሳበ ታልቦ በኩባያ ይሰጠው፣ በየሁለት ሦስት ሰዓቱ፣ ተኝቷል ተብሎ አይታለፍ። በመጀመሪያው ቀን ገላውን አትጠቡት። አብሽ፣ የስኳር ውሃ፣ የላም ወተት፣ ቅቤ፣ አንዱም አይገባም፣ ስድስት ወር የእናት ጡት ብቻ።

ካንጋሮ ቦጎታ፣ ኮሎምቢያ ውስጥ በ1978 እ.ኤ.አ. ማሞቂያ አልበቃ ብሎ የተጀመረ ነገር ነው፣ የቸገረው ሰው የፈጠረው። በ2021 በአምስት አገር የተሠራ ትልቅ ጥናት፣ አራቱ አፍሪካ ውስጥ ናቸው፣ ልጁ እስኪረጋጋ ሳይጠበቅ እንደተወለደ ካንጋሮ ማስጀመር ሞትን በ25 በመቶ እንደቀነሰ አሳየ። በቀጣዩ ዓመት የዓለም ጤና ድርጅት ምክሩን ቀየረ፣ ከመወለዱ ጀምሮ በቀን ከ8 እስከ 24 ሰዓት አለ። ይሄን የምጽፈው አንዳንድ ሰው «ማሽን ስላጡ ነው እኔን የሚያሸክሙኝ» ብሎ ስለሚቆጣ ነው።

ቀጥሎ ስለ እድገቱ። አብዛኞቹ እስከ ሁለት ዓመት እኩዮቻቸውን ይደርሳሉ። ከአሥሩ አንዱ ገደማ አጭር ሆኖ ይቀራል። ግን እባካችሁ ለማድረስ ብላችሁ አትጠቅጥቁት። ባርከር የተባለ እንግሊዛዊ ሐኪም ኸርትፎርድሺር በምትባል አካባቢ የድሮ የአዋላጆች መዝገብ አስፈልጎ አንሰው የተወለዱት አድገው በልብ በሽታ በብዛት እንደሚሞቱ አየ። ስኳርና ግፊትም ከዚያ ጋር ይያያዛል። በልጅነታቸው ቶሎ በስብ የሚወፍሩት ላይ ይብሳል። ጉንጩ ስለተነፋ ጎረቤት ቢያደንቅም በጡጦ ወተት ማደለብ ለዚህ ልጅ ውለታ አይደለም። ከ2500 ግራም በታች ከተወለደ ከሁለት ወሩ ጀምሮ የአይረን ጠብታ ሐኪም ያዝለታል፣ ካልታዘዘ ጠይቂ፣ አይረን ለአንጎልም ነው።

በሁለት ወሩ ፈገግ ካላለልሽ፣ በአራት ወሩ አንገቱ ካልጸና፣ በዘጠኝ ወሩ ያለ ድጋፍ ካልተቀመጠ ይዘሽው ነይ። ያለጊዜው ከተወለደ ወሩን የምትቆጥሪው መወለድ ከነበረበት ቀን ነው። አውሪው፣ ዝፈኝለት፣ ልብሱን ስትቀይሪ «እጅህን አምጣ» በይው። በጨቅላነቱ ሰው የማያወራው ልጅ 4 ኪሎ ቢወለድም ይዘገያል።


የኮዬዋ (ሰኞ ማታ)

እግዜር ያክብራችሁ። አነበብኩት፣ አለቀስኩ፣ ደግሜ አነበብኩት።

የድሮውን ወረቀት አገኘሁት! የጋብቻ አልበማችን ውስጥ ነበር። ሰኔ 2 ነው የተነሳሁት፣ «20 ሳምንት» ይላል። የመጨረሻ የወር አበባዬ ጥር 12 ነው፣ የጥምቀት ማግስት ስለሆነ አልረሳውም፣ ነጭ ቀሚስ ለብሼ። ካርዴ ላይም ጥር 12 ተብሎ በትክክል ተጽፏል፣ የመውለጃ ቀኔ የተሰላው ግን ከጃንዋሪ 12 ነው። ጥር 12 ጃንዋሪ 20 ነዋ! ስምንት ቀን። ሲስተሯ ራሷ ካልኩሌተር አውጥታ አሰላችው፣ ሳቀች፣ ከዚያ ይቅርታ ጠየቀችኝ። አርብ ዕለት 31 ሳምንት ከ4 ቀን ነበርኩ።

ግን በመጽናናት ብቻ አልጨረስኩም። በትክክለኛው ሳምንትም ከታች አሥሩ ውስጥ ነው፣ ከሦስቱ ግን ወጥቷል። ሪፈር ተጽፎልኝ ዶፕለር ተነሳሁ፣ ደሙ ደህና ይሄዳል፣ ሽርት ውሃውም በቂ ነው። ከሁለት ሳምንት በኋላ ተመለሺ አሉኝ። አይረኑን... እሺ፣ አልዋጥኩትም ነበር። ዛሬ ጀመርኩ።

አማቴ ይሄን ሁሉ አስነበቡኝና «እኔ ስለ ጾሙ ያልኩት ለበጎ ነው» አሉ። ይቅርታ መሆኑ ነው መሰለኝ።


የአራት ልጆች እናት፣ ለገጣፎ

ነጩ ነገር ከራሱ ቆዳ ነው የሚመጣው? በአራት እርግዝና ወተት አልቀመስኩም እኮ። ጉድ ነው። ልጄ ሆይ፣ ጠጪ በቃ።


የኮዬዋ (የእንቁጣጣሽ ማግስት)

እንኳን አደረሳችሁ። ዛሬ ተለካሁ። 33 ሳምንት ከ4 ቀን፣ 1860 ግራም። 360 ግራም ጨምሯል። አሁንም ከታች አሥሩ ውስጥ ነው፣ ግን የራሱን መስመር ይዞ እየሄደ ነው አለችኝ ሐኪሟ። «ትንሽ ነው፣ አልቆመም» ነው ያለችው። ዶፕለሩ ደህና። በየሁለት ሳምንቱ እመላለሳለሁ። እንዲህ ከቀጠለ ጥቅምት 3 ላይ 38 ሳምንት ይሆነኛል፣ ከዚያ በኋላ ብዙ ሳያቆዩ ሊያዋልዱኝ ነው። ግፊቴን በየሳምንቱ እለካለሁ። ለሚቀጥለው እርግዝና ካለ ገና በሦስተኛው ወር መጥቼ አስፕሪን ያስፈልገኝ እንደሆነ እንድጠይቅ ነግራኛለች፣ አሁን ግን ረፍዷል፣ በራስሽ እንዳትጀምሪ ብላለች።

እንቅስቃሴ የሚቆጥሩልኝ አማቴ ሆነዋል። አሥር ሽምብራ ሲኒ ላይ አስቀምጠው ልጁ በተራገጠ ቁጥር አንድ አንድ ያነሳሉ። ትናንት ሽምብራው ሳያልቅ እንቅልፍ ወሰዳቸው።

ባለ 1700 ግራሟ፣ ለካንጋሮ የሚሆነው ነጠላ ምን ያህል ርዝመት ነው? ከሽሮ ሜዳ ላስመጣ ወይስ የቤቱ ይበቃል?


ባለ 1700 ግራሟ፣ ቱሉ ዲምቱ

አትግዢ። አዲስ ነጠላ ይንሸራተታል፣ በእጥበት የለሰለሰ ነው የሚይዘው። የኔ አለ፣ አጥቤ አስቀምጬዋለሁ። የብሎክ ቁጥርሽን በውስጥ መስመር ላኪልኝ፣ ቅዳሜ ይዤልሽ መጥቼ አስተሳሰሩን በአሻንጉሊት አሳይሻለሁ። ባለቤትሽም ይኑር፣ እሱም ይማር።